ቀይ ሩዝ ላይ ነጭ ፍሬ

ቱርጉኖይ የማይቀፋት ነገር አልነበረም። ሻይ ፉት ሲል ድምፅ የሚያሰማ ሰው ይቀፋታል። አረንጓዴ ትምባሆ ከምላሱ ሥር ወትፎ በየግድግዳው ጥግ ቱፍ የሚል ወንድ ካየች የዚያን ቀን ምሳ አይበላላትም። የጎረቤት ልጅ አፍንጫው ተዝረክርኮ ደጃፏ ላይ ከቆመ፣ ልጁ ሲሄድ የቆመበትን ድንጋይ በፈላ ውሃ ታጥባለች። ገና ሙሽራ ሳለች አማቷ ዳቦ አኝካ ለሕፃን ስታጎርስ አይታ፣ ከማዕድ ተነሥታ ጓሮ ሄዳ እንዳስመለሰች እስከ ዛሬ ይወራል። የማርጊላን ከተማ ሴቶች ደግሞ ወሬ አይረሱም።

ቤቷ መስኮት ላይ ከንፈሩ የተሸረፈ አንድ ሲኒ ነበር። መጀመሪያ የባሏ ነበር። ባሏ ትምባሆ ወታፊ ስለነበረ፣ እሱ የጠጣበትን እኔ አልጠጣበትም ብላ ዕድሜ ልኩን በዚያ ሲኒ አጠጣችው። ደግ ሰው ነበር፣ ምንም አላለም፤ ሲኒውን ራሱ እያነሣ፣ ራሱ እያጠበ ኖሮ ሞተ። ስትቀብረው ከልቧ አልቅሳለች። ሲኒውን ግን አልጣለችውም፣ ለሚቀፏት እንግዶች አስቀረችው። እጁ ከላም ሆድ የማይወጣው የከብት ሐኪም ሲመጣ በዚያ ይጠጣል። ሳሉ የማያቆመው ሩዝ ነጋዴም ሲመጣ በዚያው ይጠጣል። ሰፈሩ ሁሉ ነገሩን ስለሚያውቅ፣ ያ ሲኒ የቀረበለት ሰው ምን እንደተባለ ይገባዋል።

እንዲህ ያለችን ሴት ሰፈሩ እንዴት ቻላት ቢባል፣ በሩዝ ነው። በዚያ ከተማ ሠርግ የሚመዘነው በኦሹ፣ በሥጋና በካሮት በሚበስለው ሩዝ ነው። ሥጋው ቢያምር፣ ካሮቱ ቢያምር፣ ሩዙ ጠጠር ካለው አለቀ። ደህና ሰው ደግሞ የልጁን ሠርግ በዴቭዚራ ነው የሚደግሰው፤ ቀላ ያለ፣ ውድ፣ ጠጠር የማያጣው ሩዝ ነው። አንድ ሽማግሌ ኦሹን ሲያኝክ ጥርሱ ቀጭ ካለ የደጋሹ ስም ለልጅ ልጅ የሚተርፍ መተረቻ ይሆናል። ስለዚህ ልጁን የሚድር ሁሉ ጆንያውን አስጭኖ ወደ ቱርጉኖይ ይመጣል። «ቱርጉኖይ ኦፓ ለቅመውታል» ከተባለ ኦሽ አብሳዩ ሌላ ጥያቄ የለውም። ኦፓ የሚሏት እንደ ታላቅ እህት ነው፤ ቢወዷትም ባይወዷትም።

የልፋቷ ዋጋ መቀመጫ ነበር። ልጅ ያልወለደች ባልቴት በሠርግ ቤት የምትቀመጠው በሩ ጥግ፣ ጫማ ከሚወልቅበት አጠገብ ነው። ቱርጉኖይ ግን ከበሩ ርቃ፣ ከላይ፣ ከትልልቆቹ እናቶች መሃል ትቀመጣለች፤ የመጀመሪያው ሲኒ ሻይም ለእሷ ይቀዳል። ሌላ ያላት ነገር የለም። ያቺን ቦታ ያጣች ዕለት ከጫማዎቹ ጋር እንደምትቆጠር አሳምራ ታውቀዋለች።

ሩዝ ባለበት አይጥ አለ፣ አይጥ ባለበት ድመት ያስፈልጋል። የሷ ድመት ሞሚቅ ትባላለች፤ ግራጫ፣ ፀጉራም፣ ኩሩ ናት። ሰውን ሁሉ የምትጸየፈው ሴት ለሞሚቅ ጊዜ ሌላ ሰው ትሆናለች። ውሻ ቢሆን በደጇ አታሳልፍም፤ ድመት ግን በተፈጥሮዋ ንጹሕ ናት፣ የጠጣችበት ውሃ እንኳ አይረክስም ይላሉ ሽማግሌዎቹ። ቱርጉኖይ ይቺን ይዛ ሌላውን ሁሉ ተወችው። ሞሚቅ አይጥ በበላችበት አፏ መጥታ ትራሷ ላይ ትተኛለች። ጠዋት ጠዋት አፍንጫ ለአፍንጫ ይሳሳማሉ። የባሏን ሲኒ ለይታ የኖረች ሴት፣ ድመቷ ልሳ የተወችውን እርጎ ስትጨርስ በዓይኑ ያየ ሰው አለ። እኔን የሚቀፈኝ ይሄ ነው።

ደግሞ አንድ ነገር አለ፣ ይቺን ያዙልኝ። በማርጊላን ዳቦ ይከበራል። ፍርፋሪ አይረገጥም፤ የወደቀ ከተገኘ ይነሣል፣ ግንባር ይነካል፣ ወይ ለወፍ ይሰጣል ወይ ይበላል። ዳቦው ሰሊጥ ስለሚነሰነስበት ሰሊጡ በየምንጣፉ ይበተናል። ያን የጸደይ ሰሞን ቱርጉኖይ ፍራሿ ላይ፣ በተለይ ሞሚቅ በምትተኛበት በኩል፣ ሰሊጥ ማግኘት አበዛች። ደረቅ፣ ቢጫ፣ ደቃቅ ነው። እያነሣች፣ ግንባሯን እያስነካች፣ ወደ አፏ ትልከው ነበር። ማን እንደሚበትነው ግን ጠይቃ አታውቅም። ለብቻዋ ነው የምትኖረው፤ ፍራሿ ላይ ቁጭ ብላ ዳቦ መብላት ደግሞ ያንገሸግሻታል።

የከብት ሐኪሙ ቶሂርጆን በዚያው ሰሞን የጎረቤት ላም አዋልዶ ሲያበቃ፣ እጁን ሊታጠብ ወደ ግቢዋ ገባ። ራቅ ብላ ቆማ ውሃ አፈሰሰችለት፤ ሻዩንም በተሸረፈው ሲኒ አቀረበችለት። እሱ ግን ሻዩን ትቶ ሞሚቅን ያያል። ድመቷ ቂጧን መሬት ላይ እየጎተተች ትንሽ ሄደች፣ ከዚያ ቁጭ ብላ ጭራዋ ሥር ትልስ ጀመር። የአንገቷን ፀጉር ገለጥ አድርጎ ቁንጫውን አሳያት። ቁንጫ ካለባት የሆድ ትልም አይጠፋትም አለ። ለትሉ ክኒን፣ ለቁንጫው ማጅራቷ ላይ የሚንጠባጠብ መድኃኒት እንዳለው፣ በየሦስት ወሩ ቢደገምላት እሷም ቤቱም ጤና እንደሚያገኝ በትሕትና ነገራት። የቅን ሰው ምክር ነበር፤ ቱርጉኖይ ግን የሰማችው ስድብ ነው።

«ትል ያለው አንተ እጅህን በምትከትበት ቦታ ነው» አለችው። «የኔ ድመት ካንተ እጅ ይልቅ ንጹሕ ናት።»

ቶሂርጆን ፈገግ ብሎ ሻዩን ጨረሰና፣ ሐሳብዎን ከቀየሩ የገበያው በር ላይ ነኝ ብሎ ወጣ። እንደወጣ ሲኒውን በፈላ ውሃ አጠበችው። የነካውን የድመቷን አንገትም በፎጣ ወለወለችው።

ብዙም ሳይቆይ የፊት ለፊት ጎረቤቷ የዙምራድ ልጅ ሠርግ ደረሰ። የዙምራድ ግቢ በድንኳንና በድስት ስለተጨናነቀ ሩዙ ቱርጉኖይ በረንዳ ላይ እንዲለቀም ተባለ። ሰፊ አንሶላ ተነጠፈ፣ ዴቭዚራው ተበተነ፣ ሴቶቹ ዙሪያውን ተቀመጡ፣ ወሬውም ሻዩም ደራ። ሞሚቅ እንደ ልማዷ ፀሐይ ያረፈበትን የአንሶላ ጫፍ ይዛ ተኝታለች። ፀሐዩ ሲበዛባት ትነሣና በሩዙ ላይ ተረማምዳ ወደ ሌላው ጫፍ ትሄዳለች። ማንም ምንም አላላትም፤ የሁሉም ቤት ድመት እንዲሁ ናት።

መጀመሪያ ያየችው ቱርጉኖይ ነች። በቀዩ ሩዝ መሃል አንድ ነጭ ፍሬ። ለቅማ ወደ ጎን አደረገችው። ትንሽ ቆይታ ሌላ አገኘች፣ ከዚያም ሌላ። ፊቷ ተለወጠ። የሩዝ ነጋዴን ተንኮል ታውቃለች፤ ርካሹን ነጭ ሩዝ ከዴቭዚራ ቀላቅሎ፣ በቀይ ዱቄት አሽቶ በዴቭዚራ ዋጋ መሸጥ የቆየ ሌብነት ነው። ሩዙ የመጣው ደግሞ ከኤርጋሽ ነበር፤ ያው ሳሉ ከሚቀፋት ሰውዬ። አሁኑኑ ጥሩልኝ አለች። ዙምራድ ሦስት ፍሬ ሩዝ ምን ያመጣል፣ ሰውዬውን አናሳፍረው ብትል አልሰማቻትም። የራሷ አሮባት የሰው ታማስላለች የሚባለው ለእንዲህ ያለው ነበር፤ ግን ያን ጊዜ ማን አውቆ።

ኤርጋሽ መጣ። ሸምገል ያለ፣ መነጽሩን በክር ያሰረ ሰው ነው፤ ከአባቱ ጀምሮ ሰፈሩ የሚበላው ከእነሱ መጋዘን ነው። ጫማውን አውልቆ እየሳለ ተቀመጠ። ሻይ ቀረበለት፣ በዚያው ሲኒ። አመስግኖ ተቀበለ። ቱርጉኖይ ፊቷን ከሳሉ አዙራ እስኪያበቃ ጠበቀችና ሦስቱን ነጭ ፍሬዎች መዳፉ ላይ አኖረችለት።

«ኤርጋሽ አካ፣ በስተርጅና ሌብነት ጀመሩ?» አለችው፣ እንደ ታላቅ ወንድም አካ ብላ። «ይሄን ነው ለሠርግ የሚሸጡት? እኔ ዓይን የለኝም ብለው ነው፣ ወይስ ዙምራድ አፍ የላትም ብለው?»

ሽማግሌው መነጽሩን አስተካክሎ መዳፉን ወደ ዓይኑ አስጠጋ። ሴቶቹ እጃቸውን ከሩዙ አንሥተው ያያሉ። ከሦስቱ አንዱ፣ የመዳፉ ሙቀት ተስማምቶት ይሁን፣ ረዘመ። ከዚያ አጠረ። ከዚያ እንደገና ረዘመና ወደ አውራ ጣቱ መንገድ ጀመረ።

ኤርጋሽ መዳፉን ጨበጠ። አንሶላው ጫፍ ላይ የተኛችውን ድመት አንድ ጊዜ አያት፣ ከዚያ ዓይኑን ወደ ቱርጉኖይ መለሰ።

«እውነትዎን ነው እህቴ» አለ። «መጋዘኔ ውስጥ ተቀላቅሎ ይሆናል። ጆንያውን እወስዳለሁ፣ ሌላ አመጣለሁ።»

ሴቶቹ አንገታቸውን ነቀነቁ። አንዷ ከንፈሯን መጠጠች፤ ሌላዋ እኔስ ድሮም ጠርጥሬው ነበር አለች፤ ጠርጥራ አታውቅም። ቱርጉኖይ ግን የረዘመውን አይታለች። በማርጊላን የሷን ዓይን የሚያህል የለም ተብሎ የለ። ዓይኗ ከሽማግሌው ጭብጥ ተነሥቶ ወደ ሞሚቅ ሄደ። ድመቷ ጭራዋን አንሥታ ትልሳለች። ከግራጫው ፀጉር ላይ አንድ ነጭ ፍሬ ተጣብቋል፤ ከሥሩ ሌላው ገና ግማሹ ወጥቶ ግማሹ አልወጣም፣ ይንቀሳቀሳል። ከጎኗ ደግሞ አንሶላው ላይ ቀድመው የወደቁት ፀሐይ መትቷቸው ደርቀዋል። ቢጫ ሆነዋል፣ ኮምትረዋል፣ ደቅቀዋል።

ሰሊጥ።

ግንባሯን ያስነካችው ጣቷ፣ አፏ፣ ምላሷ፣ ሁሉም ቀፈፋት። የሰው ሲኒ የማትነካው፣ የልጅ ንፍጥ ባየች ቁጥር ደፍ የምታጥበው ሴት፣ ጸደዩን ሙሉ ከድመት ቂጥ የወደቀ ነገር እየለቀመች ስትበላ ከርማለች። ለዚያውም እየተሳለመች።

ዝም ብትል ሁሉም ያልፋል። ሽማግሌው መውጫውን ከፍቶላታል። ጆንያው ይሄዳል፣ ሌላ ይመጣል፣ እሷም በሠርጉ ከላይ ትቀመጣለች። እሱ ግን ከዛሬ ጀምሮ በዚህ ሰፈር ሌባ ነው፤ ልጁም የሌባ ልጅ ነው። ሽማግሌው የተሸረፈውን ሲኒ በግራ እጁ እንደያዘ ተቀምጧል፣ ምንም አይልም። ባሏም እንዲሁ ነበር። እሱም ያንኑ ሲኒ ይዞ ምንም ሳይል ነው የሞተው። በሕይወቷ ለመጀመሪያ ጊዜ የቀፈፋት ሰው ራሷ ሆነች፣ ይህ ደግሞ በፈላ ውሃ የሚታጠብ አይደለም።

«እጅዎን ይክፈቱ ኤርጋሽ አካ» አለች።

«ይተዉት እህቴ።»

«ይክፈቱት። ሁሉም ይየው።» ወደ ሴቶቹ ዞረች። «ሩዝ አይደለም፣ ትል ነው። ከድመቴ ቂጥ የወጣ ነው። እሳቸው ንጹሕ ናቸው። የረከሰው የኔ ቤት ነው።»

ሽማግሌው ከመክፈት በቀር ምርጫ አልነበረውም። ከዚያ በኋላ የሆነውን ማርጊላን ሁሉ ያውቀዋል። አንዷ አፏን በሻሿ ይዛ ወደ ደጅ ሮጠች። ሌላዋ እጇን ቀሚሷ ላይ እየጠረገች ዘላ ተነሣች። ዙምራድ አንሶላውን ከነሩዙ ጠቅልላ አሸክማ ወጣች፤ ለዶሮም አልሆነ፣ ቦይ ውስጥ ተደፋ ይባላል። ሻዩ በየሲኒው እንደቀረበ ቀረ። ኤርጋሽ ብቻ እጁን ታጥቦ ተመለሰና ተቀምጦ የሱን ጨረሰ። ሲኒውን መስኮቱ ላይ ቦታው መልሶ፣ ደህና ይዋሉ እህቴ ብሎ ሄደ።

ቱርጉኖይ ጓሮ ሄዳ የቻለችውን ሁሉ አስመለሰች። ከዚያ ሻሿን አጥብቃ አስራ ገበያው በር ላይ ወዳለው ቶሂርጆን ሄደች። ወንበር ቢሰጣት አልተቀመጠችም።

«ሰሊጥ መስሎኝ በልቼዋለሁ» አለችው።

«ምን ያህል ይሆናል ኦፓ?»

«አልቆጠርኩም።»

አልሳቀባትም፤ ይህን ለቶሂርጆን እመሰክርለታለሁ። ያ ፍሬ የኮሶ ቁራጭ እንደሆነ፣ ውስጡ ያለውን ዕንቁላል የቁንጫ ዕጭ እንደሚበላው፣ ድመቷ ደግሞ ፀጉሯን ስትልስ ቁንጫዋን ውጣ ትሉን ሆዷ ውስጥ እንደምታሳድገው ነገራት። ፍሬው ብቻውን ሰው ሆድ ገብቶ ትል አይሆንም አላት። ትንሽ ቀለል ሲላት፣ ቁንጫ እስካልዋጡ ድረስ ማለቴ ነው ብሎ ጨመረ። ቱርጉኖይ የጠዋቱን የአፍንጫ ለአፍንጫ መሳሳም አስባ እንደገና አንገሸገሻት። ለራስዎ ሐኪም ቤት ይሂዱ፣ ለድመቷ ደግሞ ክኒን ያለ ቁንጫ መድኃኒት ከንቱ ነው አላት፤ ቁንጫው ከቀረ ትሉ ተመልሶ ይመጣል።

ያለውን ሁሉ አደረገች። ሞሚቅን በፎጣ ጠቅልላ አፏን ፈልቅቃ ክኒኑን ስትከት ድመቷ አረፋ ደፈቀችባት፣ ክንዷንም ቦጫጨረችው። ማጅራቷ ላይ መድኃኒቱን አንጠባጠበች። የፍራሽ ልብሱን ቀቀለች፣ ፍራሹን ፀሐይ ላይ ገልብጣ ደበደበች፣ ምንጣፉን ጠረገች፣ የጠረገችውንም አቃጠለች። ድመቷ ከዚያ ወዲህ ትራስ አልነካችም። በሩን እየቧጨረች ስታለቅስ ቱርጉኖይም ከውስጥ ሆና ታለቅሳለች፤ አትከፍትላትም ግን።

ሠርጉ ደረሰ። ኤርጋሽ ሌላ ጆንያ አምጥቶ ሴቶቹ ዙምራድ ቤት ራሳቸው ለቅመውት ነበር፣ ቱርጉኖይን የጠራ የለም። ለድግሱ ግን ጎረቤት አይዘለልምና ተጠራች፣ ሄደችም። ከላይ በለመደችው ቦታ ሌላ ሴት ተቀምጣለች። ማንም ወደዚህ ይምጡ አላላትም። በሩ ጥግ፣ ከጫማዎቹ አጠገብ ተቀመጠች። የዙምራድ ትልቋ ምራት ሻይ ይዛ መጣችና ዓይኗን ሰብራ አቅርባላት ፈጥና ዞረች።

ሲኒው ከንፈሩ የተሸረፈ ነበር፤ የሷው አይደለም፣ ከዙምራድ ቤት ተፈልጎ የተገኘ ሌላ ነው። ለሠርጉ የተገዛ አዲስ ሲኒ በየትሪው ሞልቷል። ቱርጉኖይ ስብራቱን በአውራ ጣቷ ዳሰሰችው። ባሏ በዚያኛው ሲኒ ከየትኛው በኩል ይጠጣ እንደነበር ለማስታወስ ሞከረች፤ አንድም ቀን ልብ ብላ አላየችውም። ከዚያ አንሥታ እስከ አተላው ጠጣችው።

ኦሹ ቀረበ። ከላይ በኩል ቀጭ የሚል ድምፅ ተሰማና አንዲት አሮጊት ከአፏ ጠጠር አወጣች። ቱርጉኖይ ደስ ሊላት ይገባ ነበር፣ ግን አላላትም። ዓይኗ ሌላ ነገር ላይ ነው። የዙምራድ ቢጫ ድመት፣ ሠርግ ነው ብላ ከቤት አልወጣችም፤ ዙምራድ አጠገብ ጥቁር ከፋይ ትራስ ላይ ተጠቅልላ ጭራዋ ሥር ትልሳለች። ዙምራድ ከእንግዶቿ ጋር እያወራች እጇን ትራሱ ላይ አሳረፈች። ጣቷ አንዲት ደቃቅ፣ ደረቅ፣ ቢጫ ነገር አገኘ። ሳታያት አነሣቻት። ግንባሯን አስነካቻት።

ዝም ብትል ማንም አያውቅም። የተሸረፈውን ሲኒ ያስላከችው እኮ ይህችው ሴት ናት። እውነቱን ለመናገር፣ ቱርጉኖይ አንዲት አፍታ ዝም ብላ ለማየት ተመኝታለች። ከዚያ ግን በሳህኑም በሰውም ላይ ተራምዳ ደረሰችና የዙምራድን እጅ አፏ ሳይደርስ ያዘችው።

«ሰሊጥ አይደለም» አለቻት በጆሮዋ።

ዙምራድ ጣቷን አየች። ድመቷን አየች። ፊቷ አመድ መሰለ።

«ኦፓ» አለች በቀስታ፣ «እኔ ይሄን ስንቴ…» ብላ ቀረች።

«እኔም አልቆጠርኩም» አለች ቱርጉኖይ። «ነገ ቶሂርጆን ዘንድ አብረን እንሄዳለን። አሁን ፊትሽን አስተካክዪ፣ እንግዳ ያይሻል።»

ዙምራድ ፊቷን ለማስተካከል ሞከረች። ከዚያ ድመቷን ከትራሱ ላይ ገፍታ አወረደችና፣ በሰው ሁሉ ፊት፣ እዚህ ከኔ ጎን ይቀመጡ ኦፓ አለቻት። ከላይ ያለው ቦታ ነበር፣ ከበሩ የራቀው፣ የትልልቆቹ እናቶች።

ቱርጉኖይ ጥቁሩን ከፋይ አየችው። ሰሊጡ ገና አላለቀም። ቀፈፋት። ተመልሳ ከጫማዎቹ አጠገብ ተቀመጠችና ለዙምራድ ምራት ሲኒዋን ዘርግታ ሻይ ድገሚኝ አለች።